ዳሩን ቁረጠው

ያኔ ሠላሳ አራት ዓመቴ ነበር። ሥራዬ የገበሬ መሬት ከወረቀት ወደ ኮምፒውተር መገልበጥ ነበር። ፍኖተ ሰላም ውስጥ፣ ከአስፋልቱ ገባ ብሎ፣ ፀሐይ ሲመታው ቆርቆሮው የሚንጣጣ አዳራሽ ተሰጥቶን አራት ሴቶች ከጠዋት እስከ ማታ እንተይባለን። ወረቀቱ ከየወረዳው በማዳበሪያ ጆንያ ታጭቆ ይመጣል። የጆንያው አፍ ሲፈታ የሚወጣውን ሽታ በደንብ ብነግራችሁ ይህን ማንበባችሁን ትተዋላችሁ፤ ስለዚህ በጥቂቱ ልንገራችሁ። የአይጥ ሽንት አለበት። የዶሮ ኩስ አለበት። ጭስ፣ የረጠበ በግ፣ የከረመ ቅቤ አለበት። ወረቀቱ የተጻፈው መሬት ሲለካ በየማሳው ላይ ነው፤ ከዚያ ወዲህ ግን ዓመታቱን ያሳለፈው በየቀበሌው ጸሐፊ ቤት፣ ቆጥ ላይ ከዶሮ ጋር አብሮ እያደረ ነው።

እኔ ደግሞ ንጹሕ ነገር እወዳለሁ። እዚያው ሽታ ውስጥ ስላደግሁ ነው መሰለኝ የምጸየፈው። አፍንጫዬን በሻሽ አስሬ ነበር የምሠራው። ቤቴ ስገባ እጄን በሎሚ እፈትገዋለሁ፤ ከጥፍሬ ሥር ግን አይወጣም። እንጀራ በጎረስሁ ቁጥር ያን ጆንያ የጎረስሁ ይመስለኝ ነበር። አንድ ቀን ከወረቀት መሐል ጠፍጥፋ የደረቀች የአይጥ ግልገል አገኘሁ። የአንድ ሟች ስም ላይ ተጣብቃለች። በማስመሪያ ፍቄ አነሳኋትና ስሙን ተየብሁ። ምን አደርጋለሁ፤ ሥራ ነው።

ትምህርቴን ያቋረጥሁት ከስምንተኛ ክፍል ነው። ትየባ የተማርሁት ቡሬ ውስጥ፣ በአንድ ጽሕፈት ቤት ወለል ስጠርግ፣ ባለቤቲቱ ምሳዋን ልትበላ ስትወጣ፣ ጠፍቶ በተቀመጠ ኮምፒውተር ላይ ፊደሉን በጣቴ እያነካካሁ ነው። ማንም አላሳየኝም። ዲግሪ ካላቸው ልጆች ጋር ተፈትኜ እዚያ አዳራሽ የገባሁ ቀን አክስቴ ቡሬ ገበያ መሐል ቆመው እልል አሉ፤ ሰው ምን ሆኑ ብሎ ተሰበሰበ። «ምን ታያላችሁ? ልጄ መንግሥት ቤት ገባች!» አሉ፤ ከዚያም ሳይገዙ ሳይሸጡ ወደ ቤታቸው ተመለሱ።

አክስቴ የእናቴ ታላቅ እህት ናቸው። እናቴ ቶሎ ስለሞተች ያሳደጉኝ እሳቸው ናቸው፤ እኔም እማ ነው የምላቸው። የተዳሩት ከቡሬ ወረድ ብሎ ካለ ቀበሌ፣ ከአገው ወገን ለሆኑ ገበሬ ነው። ባላቸው ከቀድሞ ሚስታቸው አንድ ወንድ ልጅ ነበራቸው፤ ከአክስቴ ግን አልወለዱም። ያ የእንጀራ ልጅ አሁን ትልቅ ሰው ነው፣ የልጆች አባት። አክስቴ ከአባታቸው የወረሷት ሁለት ጥማድ መሬት አለቻቸው፤ ወንዝ ዳር ያለች ጥቁር አፈር፣ ጤፍ የምትወድ። ባላቸው በሕይወት ሳሉ እሳቸው ያርሱላቸው ነበር፤ ካረፉ ወዲህ ደግሞ የእንጀራ ልጃቸው በእኩል ያርሳታል። ግማሹ የእርሱ፣ ግማሹ የእሳቸው። ሴት በሬ አትጠምድም በእኛ አገር፤ መሬቷ የእርሷ ቢሆንም እርፉን የሚይዝ ወንድ ያስፈልጋታል። ከዚህ ሌላ አክስቴ ሀብት የሚባል ነገር አልነበራቸውም። ያችን ማሳ ግን ሲያወሱ ድምፃቸው ይቀየር ነበር። «የኔ መሬት» ሲሉ ልጅ እንደወለደች ሴት ነው የሚሉት።

አዳራሹ ውስጥ ከሁሉ አስቀድሞ የተማርሁት ወረቀት ማዞር ነው። ያስተማሩኝ በዕድሜ ታላቃችን የሆኑት ሴትዮ ናቸው፤ ሁላችንም እትዬ እንላቸዋለን።

«ልጄ፣ ፊት ለፊቱን ብቻ አንብበሽ እንዳታልፊ» አሉኝ በመጀመሪያው ቀን። «ወደ ጎን አዙሪው። ሴቶቹ ዳር ላይ ናቸው።»

«የምን ሴቶች?»

«አዙሪውና ታያለሽ።»

አዞርሁት፤ እውነትም ዳሩ ላይ፣ ወረቀቱ ሲቆም የማይነበብ፣ ጠባብ የእጅ ጽሑፍ አለ። ከሥሩ የአውራ ጣት አሻራ። ነገሩ እንዲህ ነው። ቅጹ ላይ ለባለይዞታ የተሰጠው ሳጥን አንድ ነው። መሬት ሲለካ ደግሞ ባልየው፣ የባልየው ወንድሞች፣ አዋሳኞቹ፣ ሁሉም ጸሐፊውን ከበው ይቆማሉ። በዚያ ሁሉ ወንድ ፊት «ይቺ ማሳ የሚስቱ ናት» ብሎ መጻፍ ባልየውን በሰው መሐል ማሳፈር ነው፤ በሚስቱ መሬት የሚኖር ማስባል ነው። ስለዚህ ጸሐፊዎቹ ዘዴ አበጁ። ወንዶቹ ገመዱን ይዘው ወደሚቀጥለው ማሳ ሲያልፉ ሴትዮዋን ቀስ ብለው ይጠሯታል። ወረቀቱን ወደ ጎን ያዞሩና ዳሩ ላይ «ከዚህ ውስጥ ይህን ያህል ጥማድ የእርሷ ነው» ብለው፣ ስሟን ጽፈው፣ ጣቷን ቀለም አስነክተው ያስፈርሟታል። ባልየው ያውቃል። ወንድሞቹም ያውቃሉ። ብቻ ፊት ለፊት አልተባለምና ማንም አያፍርም። ይህ በየትኛውም መመሪያ ላይ አልተጻፈም፤ ጸሐፊው ያውቃል፣ የምንተይበው እኛ እናውቃለን፣ በቃ። እኛ ስንተይብ የዳሩን ሴት ወደ ሠንጠረዡ እናስገባታለን። ሁሉም ወረቀት ላይ አልነበሩም፤ ግን አዙረሽ ካላየሽ የትኛው ላይ እንዳሉ አታውቂም።

ከዚያ ማሽኑ መጣ።

ይዞት የመጣው ከአዲስ አበባ የተላከ ወጣት ባለሙያ ነው። ነጭ ጫማ አድርጓል፤ በክረምት፣ ፍኖተ ሰላም፣ ነጭ ጫማ! ከመኪናው እስከ በራችን ድንጋይ ለድንጋይ እየዘለለ ሲመጣ አይተን በሳቅ ሞትን። ልጁ ግን ክፉ አልነበረም። ሻይ ስናቀርብለት ይነሳል፣ «እህቶቼ» ይለናል። ማሽኑን ጠረጴዛ ላይ ዘረጋና አስረዳን።

«ከእንግዲህ መተየብ የለም። ይሄ ወረቀቱን ፎቶ ያነሳል። ሳጥኖቹን ራሱ ያገኛል፣ የእጅ ጽሑፉን ያነባል፣ ሠንጠረዡ ውስጥ ይከታል። እናንተ ልክ ነው አይደለም ብላችሁ ማየት ብቻ።»

«የገበሬ እጅ ጽሑፍ ያነባል?» አለችው አንዷ።

«ከእኔ የተሻለ ያነባል።»

አነበበ። አንድ ቅጽ አስገባና ዓይናችን እያየ ስሙ፣ የአባት ስሙ፣ አዋሳኙ በየሳጥኑ ጠብ ጠብ አለ። እኛ ሩብ ሰዓት የምንፈጅበትን እርሱ እስክናስነጥስ ጨረሰው። አጨበጨብን። እኔማ እንባዬ መጣ፤ ያን ጆንያ ዳግመኛ የማልነካው መሰለኝ። እትዬ በዚያ ቀን አልነበሩም፤ ዘመድ ሞቶባቸው ለቅሶ ሄደው ነበር።

ከሰዓት በኋላ ማሽኑ መሳሳት ጀመረ። ሌላ ጆንያ ነበር የተፈታው፤ ከቡሬ በኩል የመጣ፣ ከሁሉም የቆሸሸው። ሠንጠረዡ ውስጥ ትርጉም የሌለው ፊደል ይዘባርቃል። ሌሎቹ ሁለቱ ሻይ ሊጠጡ ወጥተዋል። ባለሙያው ወረቀቱን በሁለት ጥፍሮቹ፣ የሞተ አይጥ በጭራው እንደሚይዝ ሰው፣ አንጠልጥሎ ወደ እኔ መጣ።

«እህት፣ ይሄ ዳር ዳሩ ላይ ያለው ምንድነው? ማሽኑ ጽሑፍ እየመሰለው ይሳሳታል።»

አየሁት። ዳሩ ቡናማ ሆኗል፤ ቅቤ ጠጥቷል፣ የጭቃ ጣት አርፎበታል፣ ጥጉ በአይጥ ተበልቷል። ከጭቃው ሥር የደበዘዘ ነገር አለ። ልጁ አፍንጫውን ጨብጦ ፊቴን ያያል። ያ ቆሻሻ ከገዛ ቤቴ የወጣ ይመስል አፈርሁ። ይህ ከከተማ የመጣ ልጅ የእኛ አገር ሰው ወረቀት እንኳ በንጽሕና መያዝ አይችልም ሊል ነው ብዬ ጆሮዬ ጋለ።

«ጭቃና ቅቤ ነው» አልሁት። «ምንም የለበትም። ዳሩን ቁረጠው።»

«እርግጠኛ ነሽ?»

«እኔ አይደለሁ እንዴ ስተይበው የኖርሁት?»

«አሪፍ ነሽ አንቺ!» አለኝና ሁለት ጊዜ ተጫነ። ከዚያ በኋላ የሚወጣው ምስል ሁሉ ዳሩ ተከርክሞ፣ ነጥቶ፣ ታጥቦ እንደተተኮሰ ነጠላ ሆነ። ማሽኑም መሳሳቱን ተወ።

እዚህ ላይ ረስቼው ነው ብዬ ብጽፍ ማንም አይጠይቀኝም። ግን አልረሳሁትም። «ሴቶቹ» የሚል ነገር በልቤ ብልጭ ብሎ ነበር። ከዚያ ደግሞ በየት በየቱ ወረቀት ላይ እንዳሉ ማን ያውቃል፣ በኋላ እነግረዋለሁ አልሁ። ወረቀቱን ወደ ጎን አዙሬ ብሰጠው ኖሮ የአንድ ደቂቃ ሥራ ነበር። አላዞርሁትም፤ መንካት ስለቀፈፈኝ ነው። በማግስቱም አልነገርሁትም፣ በሳልስቱም። «አሪፍ ነሽ» ያለኝን ሰው ተሳስቻለሁ ማለት አቃተኝ። ሳምንቱን ጨርሶ ሄደ።

ሥራችን ማየት ብቻ ሆነ። በስክሪኑ ግራ በኩል የወረቀቱ ምስል፣ በቀኝ በኩል ማሽኑ ያነበበው። ሁለቱ ከተመሳሰሉ «አጽድቅ» የሚለውን መጫን ነው። ደግሞ ይመሳሰላሉ! ዳሩ ከምስሉም ላይ ስለተቆረጠ የሚጎድል ነገር አይታይም፤ ሌሎቹም ዳሩ ያልተጻፈበት ወረቀት የደረሳቸው መስሏቸው ያልፋሉ። እጄ መሽተት አቆመ። ሻሼን ከአፍንጫዬ አውርጄ በትከሻዬ ጣል ማድረግ ጀመርሁ። ቀለበት አደረግሁ። አጽድቅ፣ አጽድቅ፣ አጽድቅ፤ መብራት ካልጠፋ በቀር የሚያቆመኝ የለም።

ለማየት ደግሞ አራት ሰው ምን ይሠራል ተባለ። ከለቅሶ ገና የተመለሱት እትዬና አንዲት ሌላ ልጅ ተሰናበቱ። እትዬ ወንበራቸው ላይ የሚያነጥፏትን ትራስ በክንዳቸው ይዘው በሩ ላይ ቆሙ።

«ማሽኑ ጎበዝ ነው አሉኝ» አሉ። «እኔም አርጅቻለሁ፣ ዓይኔም ደክሟል። ብቻ የዳሩን እንዴት አድርጎ ነው የሚያነበው?»

«ሁሉንም ያነባል እትዬ» አልኋቸው። ቀና ብዬ እንኳ አላየኋቸውም።

«ተመስገን» ብለው ሄዱ።

አዲሱ የይዞታ ደብተር ከዚያ ሠንጠረዥ ታትሞ በየቀበሌው ታደለ። ጤፍ ታጨደ፣ ተወቃ። ከዚያ በኋላ ባለ አንድ ረቡዕ ቀን፣ ከምሳ በፊት፣ አክስቴ አዳራሹ በር ላይ ቆመው አየኋቸው። ከቡሬ በሚኒባስ መጥተዋል። ነጠላቸው አቧራ ለብሷል። ዘልዬ ተነሳሁ።

«እማ! በሰላም ነው? ይቀመጡ እንጂ።»

«መቀመጡን ተይው። መሬት ይሄዳል ወይ?»

«ምን ማለትዎ ነው?»

«እጠይቅሻለሁ እኮ። የተማርሽው አንቺ ነሽ። ከብት ይሄዳል፣ ወንዝ ይሄዳል። የኔ መሬት እዚያው ተዘርግታ ሳለች ሄደች አሉኝ።»

አስቀመጥኋቸው። ውኃ ሰጠኋቸው፣ አልጠጡም። አዲሱ ደብተር ሲታደል የተጠራው የእንጀራ ልጃቸው ስም ብቻ ነው፤ የአባቱ ወራሽ ተብሎ። እርሱም ተቀብሎ ገባ። አክስቴ ማንበብ ስለማይችሉ የእሳቸው ስም ውስጡ እንዳለ ነው የመሰላቸው። ያወቁት ጤፉ አውድማ ላይ ሲካፈል ነው።

«እህል አልከለከለኝም፤ አልዋሽም» አሉ። «እንዲያውም ጫን አድርጎ ነው የሰፈረልኝ። ግን ምን አለኝ መሰለሽ? ‹ወረቀቱስ ሁሉም ያንተ ነው ይለኛል፤ ቢሆንም አልጨክንብዎትም፣ እሰጥዎታለሁ› አለኝ። እሰጥዎታለሁ! ሰማሽ? በአባቴ መሬት ላይ ለማኝ አደረገኝ።»

«ምን አሉት?»

«ምን እላለሁ? ወረቀት ይዟል። ደግሞ ከአጎቱ ጋር በአገውኛ ይነጋገራል፣ እኔ የማልሰማ መስሎት። አርባ ዓመት ከነሱ ጋር ኖሬ! በመጪው ክረምት ባሕር ዛፍ ሊተክልባት ነው። ባሕር ዛፍ ከገባባት ደግሞ አለቀላት፤ እኔ በሕይወት እያለሁ ጤፍ አታይም።» ከዚያ እጄን ያዙኝ። «መንግሥት ቤት ያለሽ ልጄ ነሽ። ማን እንደፋቀኝ ፈልጊልኝ።»

የቀበሌያቸውን ቁጥር አስገባሁ። የባላቸው ወረቀት ወጣ። ነጭ፣ ንጹሕ፣ ዳሩ በምላጭ የተላጨ የሚመስል። በቀኝ በኩል ማሽኑ ያነበበው አንድ ሳይሳሳት ተሰድሯል። ከሥሩ «ያጸደቀው» ይላል። ከጎኑ ያለው የኔ መለያ ነው። የአክስቴን ባል ስም፣ በልጅነቴ በአህያ ጭነው ቡሬ ትምህርት ቤት ያደረሱኝን ሰው ስም፣ አይቼ ልክ ነው ብዬ ተጭኜ አልፌያለሁ። ስሙን እንኳ አላነበብሁትም ማለት ነው።

 «መጣሁ እማ» ብዬ ወጥቼ ከቧንቧው ሥር ተፋሁ። ያ ሁሉ የአይጥ ሽንት፣ ያ ሁሉ ኩስ አንድ ቀን እንኳ አላስታወከኝም ነበር። ነጩ ምስል ግን አስታወከኝ። የታጠበ እጄን አየሁት፣ ቀለበቴን አየሁት፤ ከዚህ የከፋ ቆሻሻ የት አለ አልሁ። አፌን ተጉመጥምጬ ተመለስሁና «የማሽን ስህተት ነው፣ ዋናውን ወረቀት እፈልጋለሁ» አልኋቸው። ይህንንም እንዲያ ነው ያልሁት፤ የማሽን ስህተት።

ዋናዎቹ ወረቀቶች ከሽንት ቤቱ ጀርባ ያለች ክፍል ውስጥ ተጥለው ነበር። ይወገዱ ተብሎ ውሳኔ እየጠበቁ። በሩን ስከፍተው ጆንያዎቹ ተቀደው፣ ወረቀቱ ወለሉ ላይ እስከ ጉልበት ተከምሮ፣ ከጣሪያው የገባ ዝናብ ሥር ሥሩን እንደ አጥሚት አቡክቶታል። ያንን ለብቻዬ እንደማልችለው ሳውቅ እትዬ ቤት ሄድሁ። ጓሯቸው ውስጥ ጎመን ይቆርጡ ነበር። ሁሉንም ነገርኋቸው። ቁረጠው ያልሁትንም ጭምር።

ቢላዋውን አስቀመጡ።

«ሁሉንም ያነባል አላልሽኝም?»

«ብያለሁ።»

«እኔ እኮ አምኜሽ እግዜርን አመስግኜ ሄድሁ። በዚያ ዕድሜዬ ከሥራ አውጥተውኝ፣ ተመስገን ብዬ! እንዴት ሳቅሽብኝ።»

«አልሳቅሁም እትዬ።»

«ዝም በይ እንግዲህ። አክስትሽ ባይሆኑ ትመጪ ነበር?»

 እትዬ እጃቸውን በቀሚሳቸው ጠርገው ተነሱ። «ነይ። ሻሽሽን ግን እዚህ ተይው። ዛሬ በአፍንጫሽ ነው የምትፈልጊው» አሉኝ።

ሁለት ቀን ፈለግን። ሻሼን አላሰርሁም። የበሰበሰው ወረቀት በጣቶቼ መሐል እንደ ጭቃ ይሾልካል፣ ትል ነበረበት። እየፈለግን ሌሎቹን ሴቶች አየናቸው፤ እትዬ እያንዳንዱን ወደ ጎን እያዞሩ ስሟን ጮክ ብለው ያነባሉ፣ ከዚያ ደረቅ ቦታ ያኖሯታል። አንዷን አነበቡና «ይቺን ማሽኑ ሳይመጣ ተይቤያት ነበር፤ አውራ ጣቷ ጫፉ የተቆረጠ ነው፣ አሻራዋን እይው» አሉ። እኔ ቶሎ ቶሎ ብለን የአክስቴን እናግኝ ስል እሳቸው አይቸኩሉም። በሁለተኛው ቀን ከሰዓት፣ ከአንድ ጆንያ ሥር፣ አገኘነው። ጥጉ በአይጥ ተበልቷል፣ ጽሑፉ ግን አለ። «ከዚህ ውስጥ ወንዝ ዳር ያለው ሁለት ጥማድ ከአባቷ የወረሰችው የእርሷ ነው።» ስማቸው። አሻራቸው። ቅቤ የጠጣ ነው፤ ጸሐፊው ሲጠራቸው ቅቤ እየገፉ ነበር ይሆናል።

ወረቀቱን ይዤ ኃላፊያችን ዘንድ ገባሁ። አነበበው፤ ለማንበብ ራሱን ወደ ጎን አጋደለ። ከዚያ በሩን እንድዘጋ በእጁ አሳየኝ።

«ዘመድሽ ናት?»

«ያሳደጉኝ ናቸው።»

«እንግዲያው የሳቸውን አስተካክዪ፤ እኔ እፈርማለሁ። ዘመድ ነው፣ ማን ይጨክናል። ስለሌላው ግን አፍሽን ያዢ። ሥራው አልቋል ተብሎ ሪፖርቱ ሄዷል፣ ተመስግነንበታል። አሁን ዳር ዳሩን ልንል ነው? ደግሞ ከተጠየቀ ‹ያጸደቀው› የሚለው ላይ ማን እንዳለ ታውቂያለሽ።»

«እሺ» አልሁ።

አንድ ቃል ናት። በጥርሴ መሐል እስከ ዛሬ እንደ ፀጉር ተሰንቅራ አለች። ሳወጣት ለምላሴ እንዴት እንደቀለለችም አስታውሳለሁ። እትዬ ደረቅ ቦታ ያኖሯቸውን ወረቀቶች መልሼ እዚያው ክፍል ቆለፍሁባቸው።

የታረመው ደብተር ሲወጣ አክስቴና የእንጀራ ልጃቸው ተጠሩ። እርሱ አሮጌውን መልሶ አዲሱ ላይ መፈረም ነበረበት። ባርኔጣውን በእጁ እያሽከረከረ ቆመ።

«ወረቀቱ ነው ያሳሳተኝ» አላቸው አክስቴን።

«ወረቀቱ ነው? ስታርሳት ኖረህ የማን እንደሆነች ወረቀት እስኪነግርህ ትጠብቃለህ?» አሉት። «በል ፈርም፤ ሚኒባሱ ያመልጥሃል።»

ፈረመ። ተሰናብቶም ቀድሞ ሄደ። አክስቴ ደብተራቸውን በነጠላቸው ጫፍ ቋጥረው መረቁኝ። «እንደኔ የተፋቀ ሁሉ እንዳንቺ ያለ ልጅ ይስጠው» አሉ። እዚያ ላይ አልቻልሁም። መናኸሪያው አጠገብ ያለች ሻይ ቤት አስገብቻቸው ሻይ ካዘዝሁ በኋላ ነገርኋቸው።

«እማ፣ ማሽን አይደለም። እኔ ነኝ ቁረጠው ያልሁት።»

«ምኑን?»

«የወረቀቱን ዳር። ስምዎ ያለበትን።»

ብርጭቆውን ወደ አፋቸው እየወሰዱ ነበር፤ አቆሙት።

«ለምን?»

«ቆሽሾ ነበር። እንግዳው አየው፣ አፈርሁ።»

«ሌላ ማን ነበር ዳሩ ላይ?»

«ሴቶች ናቸው። እንደ እርስዎ ያሉ።»

«ከኛም ቀበሌ?»

«ከእርስዎም ቀበሌ አሉ።»

«የነሱም ተስተካከለ?»

«አልተስተካከለም። ወረቀታቸው ከሽንት ቤቱ ጀርባ ተቆልፎበታል። የእርስዎን ብቻ ነው የፈቀዱልኝ።»

«አንቺስ ምን አልሽ?»

«እሺ አልሁ።»

አክስቴ ሻዩን ሳይጠጡ አስቀመጡት። የተቋጠረችውን ደብተር በእጃቸው ዳበስ አደረጉና ተነሱ። ልሸኝዎት ብዬ ስነሳ «ተቀመጪ» አሉኝ፤ ተቀመጥሁ። በመስኮቱ ወደ ሚኒባሱ ሲገቡ አየኋቸው።

ሰኞ ጠዋት ወደ ቢሮ ስመጣ አክስቴ በረንዳው ላይ ነበሩ። ከቀበሌያቸው ዘጠኝ ሴቶች ይዘው መጥተዋል። ገሚሶቹን ከልጅነቴ ጀምሮ አውቃቸዋለሁ። ሴቶቹ ሰላም አሉኝ፤ አክስቴ ሰላም አላሉኝም። ኃላፊው ሲመጣ ተነስተው መንገዱ ላይ ቆሙና «የነዚህም ዳር ላይ የተጻፈ መሬት አላቸው፣ ወረቀታቸው ከሽንት ቤቱ ጀርባ ነው አሉ፤ ይፈለግላቸው» አሉት። ነገ ተመለሱ አላቸው። አክስቴ የራሳቸው ጉዳይ አልቆ ሳለ፣ ከሴቶቹ ጋር ቢሮው እስኪዘጋ በረንዳው ላይ ተቀመጡ። ማክሰኞም ይዘዋቸው መጡ።